ኮዱ የማን ነው? የብራውዘር እንቆቅልሽ ጨዋታ በኮምፒውተር ደኅንነት ትምህርት ውስጥ ሊኖረው ስለሚገባ ቦታ

ናታስ የተባለው የብራውዘር ጨዋታ ሥዕልም ድምፅም የለውም። ተጫዋቹ የመጀመሪያውን ገጽ ሲከፍት የሚያገኘው አንድ አጭር መልእክት ነው፤ ወደሚቀጥለው ደረጃ የሚያስገባው የይለፍ ቃል እዚሁ ገጽ ላይ እንደሚገኝ ይነግረዋል። ለዓይን የሚታይ ኮድ ግን የለም። ገጹ በተጻፈበት የኤችቲኤምኤል ጽሑፍ ውስጥ፣ ብራውዘሩ በማያሳየው ማስታወሻ ሥር፣ 32 ፊደልና አኃዝ የተቀላቀሉበት ኮድ ተቀምጧል። ያን ያገኘ ሰው ሁለተኛውን ገጽ ይከፍታል፤ በዚያም ነገሩ ያው ነው፣ የተጨመረው የማውሱ ቀኝ ቁልፍ እንዳይሠራ መደረጉ ብቻ ነው። እንዲህ እያለ ከ30 በላይ ደረጃ ይወጣል። የእያንዳንዱ ደረጃ መግቢያ ከእርሱ በፊት ባለው ደረጃ ውስጥ ተሸሽጓል፤ ዘልሎ ማለፍ የለም።

ጨዋታውን ያዘጋጀው ኦቨርዘዋየር የተባለ ማኅበረሰብ ሲሆን መጫወቻው በነጻ ክፍት ነው። በአቃቂ ቃሊቲ ክፍለ ከተማ፣ ቂሊንጦ አካባቢ የሚገኘውን የአዲስ አበባ ሳይንስና ቴክኖሎጂ ዩኒቨርሲቲን በመሰሉ ተቋማት እንዲህ ያለው ጨዋታ ከትርፍ ጊዜ መዝናኛነት አልፎ ነጥብ የሚያዝበት የቤተ ሙከራ ሥራ ሊሆን ይገባዋል። ሆኖም አሁን ባለበት መልኩ ቢገባ ከሚጠቅመው የሚጎዳው ይበልጣል። ሊለወጥ የሚገባው የኮዱ ባለቤትነት ነው።

በመጀመሪያ ጨዋታው ምን እንደሚያስተምር በቅርብ መመልከት ያሻል። በሦስተኛው ገጽ ላይ ዓይን የማያያት እጅግ ትንሽ ሥዕል አለች፤ ሥዕሏ የተቀመጠችበትን ማኅደር የከፈተ ሰው ከጎኗ ሌላ ፋይል ያገኛል። በአራተኛው ገጽ የፍለጋ ሞተሮች የት የት መግባት እንደሌለባቸው የሚነግረው፣ ሮቦትስ የተባለው ፋይል፣ የተሸሸገውን ማኅደር ስም ራሱ ይናገራል፤ «እዚህ አትግቡ» ብሎ የጻፈ ሰው በሩ የት እንዳለ አሳይቷል። በአምስተኛው ገጽ ሰርቨሩ ጎብኚው ከየት እንደመጣ ያጣራል፤ መልሱን የሚሰጠው ግን የጎብኚው ብራውዘር ስለሆነ የፈለገውን መናገር ይችላል። በስድስተኛው፣ ተጫዋቹ ገብቷል ወይስ አልገባም የሚለው የሚወሰነው በተጫዋቹ በራሱ ኮምፒውተር ላይ በተቀመጠ ኩኪ ነው፤ በውስጡ ያለው 0 ወደ 1 ሲለወጥ በሩ ይከፈታል።

ሰርቨር ከደንበኛው የሚመጣለትን ማናቸውንም ነገር ሳያጣራ ማመን የለበትም የሚለው ዓረፍተ ነገር በየመማሪያ መጽሐፉ አለ። ተማሪው ይሸመድደዋል፤ ለፈተናም ይጽፈዋል። ዜሮዋን በገዛ እጁ አንድ አድርጎ በሩ ሲከፈት ያየ ተማሪ ግን በኋላ ለአንድ መሥሪያ ቤት የመግቢያ ገጽ ሲሠራ ውሳኔውን በኩኪ ላይ ትቶ ለመሄድ እጁ አይታዘዝለትም።

ከሁሉ የሚበልጠው ምሳሌ ቁጥር 15 የያዘው ደረጃ ነው። ገጹ ለሚቀርብለት የተጠቃሚ ስም ሁለት መልስ ብቻ አለው፤ አለ ወይም የለም። ነገር ግን የተጻፈለት ነገር ሳይጣራ ወደ ዳታቤዙ ስለሚሄድ ተጫዋቹ በስሙ ላይ ሌላ ጥያቄ መቀጠል ይችላል። ይህ ተጠቃሚ አለን? የይለፍ ቃሉስ በዚህ ፊደል ይጀምራልን? ኮዱ 32 ቦታ አለው፤ በእያንዳንዱ ቦታ ከትልልቅና ከትንንሽ የላቲን ፊደሎችና ከአሥሩ አኃዞች፣ በድምሩ ከ62 ምልክቶች አንዱ ይገባል። ኮዱን በሙሉ በጭፍን ልገምት ያለ ሰው የዓለም ዕድሜ አይበቃውም። ፊደል በፊደል የሚጠይቅ ግን ቢበዛ 62 በ32 ተባዝቶ 1,984 ጥያቄ ይበቃዋል። ፊደሉ ከዚህ በፊት ነው ወይስ በኋላ እያለ ግማሽ በግማሽ የሚቆርጥ ደግሞ ለአንድ ቦታ ከ6 ጥያቄ በላይ አያወጣም፤ ጠቅላላው 192 ይሆናል። አዎን እና አይደለም ብቻ የሚናገር ገጽ ምሥጢሩን በሙሉ ሊያወጣ እንደሚችል ከዚህ የተሻለ የሚያሳይ የቤተ ሙከራ ልምምድ ማግኘት ይከብዳል። በነገራችን ላይ፣ እዚያ የተቀመጠው ዳታቤዝ በተለመደው አወዳደሩ ትልቁን ፊደል ከትንሹ አይለይም፤ ስለዚህ ብዙ ፈቺ 32ቱንም ፊደል ለቅሞ በመጨረሻው በር ላይ ይመለሳል። በዚያ ቁጭት ያለፈ ተማሪ ስለ ፊደል አወዳደር ሌላ ንግግር አያስፈልገውም።

ችግሩ የሚመጣው ነጥብ ሲያዝ ነው። የናታስ ኮድ ለሁሉም ተጫዋች አንድ ነው። የኦቨርዘዋየር አዘጋጆች ኮዶችና መፍትሔዎች በአደባባይ እንዳይለጠፉ ተጫዋቾችን ይማጸናሉ፤ ልመናው ብዙ ሰሚ አላገኘም። ለአንድ ክፍል ተማሪዎች ነጥብ የሚሰጠው የ20 ደረጃ ኮድ ዘርዝረው ስላቀረቡ ከሆነ ሥራው በሙሉ በአንድ የቴሌግራም መልእክት ያልቃል፤ ደረጃዎቹ ያስተምራሉ የተባለውም ሁሉ አብሮ ይቀራል።

ይህ ስጋት ለኢትዮጵያ ትምህርት እንግዳ አይደለም። በግንቦት 2008 ዓ.ም. የብሔራዊ ፈተና ጥያቄና መልስ በማኅበራዊ ሚዲያ ወጥቶ፣ ከ250 ሺህ በላይ ተማሪዎች የተዘጋጁበት የዩኒቨርሲቲ መግቢያ ፈተና ተቋርጦ ለሌላ ጊዜ ተላለፈ። በሐምሌ መጀመሪያም ከዚሁ ፈተና ጋር በተያያዘ የማኅበራዊ ሚዲያ መስመሮች ለቀናት ተዘጉ። ከ2015 ዓ.ም. ጀምሮ ደግሞ የ12ኛ ክፍል ተፈታኞች ወደ ዩኒቨርሲቲ ግቢዎች ገብተው እንዲፈተኑ ተደረገ። መስመር መዝጋቱም፣ ተማሪን አጓጉዞ በግቢ ማሳደሩም አንዲት ወረቀት ከመውጣት የሚጠብቁ እርምጃዎች ናቸው። በአንድ ቀን በመላ አገሪቱ ለሚሰጥ ፈተና ሌላ መላ ላይገኝለት ይችላል። ቤተ ሙከራ ግን ያን ሸክም የሚሸከምበት ምክንያት የለውም። የምሥጠራ ተማሪ ኦገስት ኬርክሆፍስ በ1883 እ.ኤ.አ. ያስቀመጠውን መርሕ ያውቃል፤ ጥሩ ሥርዓት አሠራሩ በሙሉ በጠላት እጅ ቢወድቅ እንኳ ቁልፉ እስካልወጣ ድረስ ይጸናል። አሠራሩ ሲታወቅ የሚፈርስ ልምምድም በዚሁ መለኪያ ደካማ ነው።

ይህ ሊሠራ የሚችል መሆኑን ኤሪክ ዋስትል የተባለው አሜሪካዊ ከ2015 እ.ኤ.አ. ጀምሮ በየዲሴምበሩ የሚያወጣው አድቬንት ኦፍ ኮድ የተባለ የብራውዘር እንቆቅልሽ አሳይቷል። የእንቆቅልሹ ጽሑፍ ለሁሉም አንድ ነው፤ የሚሰላበት ግብዓት ግን ከተጫዋች ተጫዋች ይለያያል፤ ስለዚህ መልሱም ይለያያል። ሰዎች መፍትሔያቸውን በግልጽ ይወያዩበታል፣ ፕሮግራማቸውን ያወዳድራሉ፤ ጨዋታው በዚህ አይጎዳም፣ ይልቁንም ይደምቃል።

የአገር ቤት ጨዋታዎች ከዚህ ሐሳብ ሩቅ አይደሉም። እንቆቅልሽ ሲጫወቱ መልሱ የጠፋበት ልጅ መልሱን በነጻ አያገኝም። ጠያቂው «አገር ስጠኝ» ይለዋል፤ ተሸናፊው ጎንደርን ወይም ሐረርን ይሰጣል፤ የተሰጠው አገር ያላስደሰተው ጠያቂ ሌላ ያስጨምራል። ከዚያም በተሰጠው አገር እየተደሰተ፣ ተሸናፊውን እያሾፈበት መልሱን ይገልጣል። ዋጋው የይስሙላ ነው፤ ልጁ ጎንደርን ሰጥቶ የሚያጣው ነገር የለም። ይሁንና መልስ ዋጋ እንዳለው፣ እርሱም እንዳልከፈተው፣ በዙሪያው የተቀመጡት ሁሉ ያውቃሉ። የቅኔ ቤቱ ሥርዓት ደግሞ ከዚህም ይጠብቃል። የጉባኤ ቃና ልክ ለደቀ መዛሙርቱ ሁሉ አንድ ነው፤ ሁለት ቤት አለው፣ መንገዱም በግልጽ ይነገራል። ደቀ መዝሙሩ ለመምህሩ የሚያቀርበው ግን የራሱን አዲስ ቅኔ ነው። የባልንጀራውን ይዞ ቢመጣ ምንም አልሠራም። መንገዱ የጋራ፣ ፍሬው የየግል የሆነበት ይህ አሠራር ለዋስትል ግብዓት የቅርብ ዘመድ ነው፤ በዕድሜ ግን እጅግ ይበልጠዋል።

በቤተ ሙከራ ይህን ለማድረግ የሚያስፈልገው ዕቃ ጥቂት ነው። ሰርቨሩ አንድ ምሥጢራዊ ቁልፍ ይይዛል፤ የተማሪውን መለያ ቁጥርና የደረጃውን ቁጥር ከቁልፉ ጋር አዋሕዶ ኤችማክ በተባለው ስሌት ኮድ ያወጣል። ኮዱ በየትም ቦታ መመዝገብ አያስፈልገውም፤ ተማሪው ሲያቀርበው እንደገና ይሰላል። የጓደኛውን ኮድ ያቀረበ ተማሪ በሩ አይከፈትለትም፤ አስተማሪውም የክፍሉን ዝርዝር አስልቶ ኮዱ ከማን እንደመጣ ሊያውቅ ይችላል። ገጾቹ ጽሑፍ ብቻ ስለሆኑ አንድ መካከለኛ ኮምፒውተር በግቢው ውስጣዊ መረብ ላይ ቢቀመጥ ለአንድ ክፍል ይበቃል፤ ኢንተርኔት በተቋረጠበት ሰዓትም ይሠራል። ፍንጭ መከልከል አይገባም፤ ፍንጭ የጠየቀ ተማሪ ግን ከነጥቡ ጥቂት ቆርሶ «አገር ይስጥ»። የከፈለው ዋጋ ስለተመዘገበ አስተማሪው የትኛው ደረጃ ክፍሉን እንዳስቸገረው በዚያው ያያል።

አንድ ተቃውሞ እዚህ ላይ ይነሣል፤ ትክክለኛም ነው። ኮዱ ቢለያይም ፕሮግራሙ ይገለበጣል። የቁጥር 15ን መፍቻ የጻፈ አንድ ተማሪ ለሠላሳ ጓደኞቹ ቢሰጥ ሁሉም የየራሳቸውን ኮድ ያገኙበታል። የሰው ሠራሽ አስተውሎት ረዳቶችም የታወቁትን ደረጃዎች መፍትሔ ሲጠየቁ ይናገራሉ፤ በየቦታው ተጽፎ የኖረ ነገር ነውና። ለመጀመሪያው መድኀኒቱ የአምስት ደቂቃ የቃል ጥያቄ ነው፤ አስተማሪው በፕሮግራሙ ውስጥ አንድ መስመር ለውጦ ምን እንደሚሆን ይጠይቃል። ለሁለተኛው ግን ጥበቃ ብቻውን አይበቃም። የሚያዋጣው ገና ያልተጻፈ ደረጃ መሥራት ነው፤ የድኅረ ምረቃ ተማሪዎች ድርሻም ከዚህ ይጀምራል።

የናታስ ደረጃዎች የተሠሩት በላቲን ፊደል ለሚጻፍ ዓለም ነው። የግዕዝ ፊደል በ1999 እ.ኤ.አ. በወጣው ዩኒኮድ 3.0 ውስጥ ከገባ ወዲህ በአማርኛ የሚሞሉ ቅጾች በዝተዋል፤ የእነርሱ ክፍተት የራሱ መልክ አለው። ፓይተን በተባለው የፕሮግራም ቋንቋ አንድ ምልክት አኃዝ መሆኑን የሚጠይቅ ኢዝዲጂት የተባለ ትእዛዝ አለ። «፩» ሲቀርብለት አዎን ይላል፤ ከ«፩» እስከ «፱» ያሉት ምልክቶች በዩኒኮድ ሰንጠረዥ ውስጥ አኃዝ ተብለው ተመዝግበዋልና። ያንኑ ምልክት ወደ ቁጥር እንዲለውጥ ኢንት ለተባለው ትእዛዝ ሲሰጡት ግን ስሕተት ብሎ ይቆማል፤ እርሱ የሚቀበለው በአሥር ቤት ስሌት የሚገቡ አኃዞችን ብቻ ነው፣ የግዕዝ ቁጥር ደግሞ ዜሮ የለውም። «፲» ላይ ሲደረስ ኢዝዲጂትም አይደለም ይላል። እንግዲህ የልጅ ዕድሜ በሚሞላበት ሳጥን «፱» ብሎ የጻፈ ሰው ማጣሪያውን አልፎ ፕሮግራሙን ያቆመዋል፤ ሰርቨሩ የስሕተት ዝርዝሩን ለጎብኚ እንዲያሳይ ተደርጎ ከተተወ የፕሮግራሙ ከፊል በገጹ ላይ ይዘረገፋል። ይህ ያለ ምንም ማስጌጫ አንድ ሙሉ ደረጃ ነው፤ የሚፈታውም ግዕዝ ቁጥር የሚያውቅ ሰው ነው።

ሌላም አለ። በዩቲኤፍ-8 አጻጻፍ አንድ የግዕዝ ፊደል 3 ባይት ይወስዳል፤ ርዝመትን በባይት የሚቆጥርና 20 ባይት የሚፈቅድ ሳጥን ስድስት ፊደል አስገብቶ ሰባተኛውን ከወገቡ ይቆርጠዋል። የተቆረጠው ፊደል በሚቀጥለው ፕሮግራም ውስጥ ምን እንደሚያደርስ መመርመር ተማሪን ለሳምንት ሊያሠራ ይችላል። ሞክሼ ፊደላትም አሉ። ኃይሉ፣ ሐይሉና ሀይሉ ለአንባቢ አንድ ስም ናቸው፤ ለዳታቤዙ ግን ሦስት የተለያዩ ሰዎች ናቸው። በአንዱ አጻጻፍ የታገደ ተጠቃሚ በሌላው ይገባል፤ በአንዱ የተመዘገበ ሠራተኛ በሌላው ዳግም ይመዘገባል። በአቃቂና በቃሊቲ የተደረደሩ ፋብሪካዎችና መጋዘኖች የሠራተኛ መዝገባቸውን በአማርኛ ስም ሲይዙ ይህ ጉዳይ የደመወዝ ጉዳይ ይሆናል። እንዲህ ያለ ደረጃ የሚሠራ የማስተርስ ተማሪ ክፍተቱን ማግኘት፣ ማረጋገጥ፣ መፍቻውን መጻፍ፣ በመጨረሻም እንዴት እንደሚደፈን ማሳየት ይኖርበታል። ይህ ለመመረቂያ ጽሑፍ አንድ ምዕራፍ የሚበቃ ሥራ ነው።

ብዙውን ጊዜ የሚፈራው ሌላ ነገር ነው፤ ተማሪን ሰርስሮ መግባት ማስተማር አይሆንምን? የኮምፒውተር ወንጀል አዋጅ ቁጥር 958/2008 ያለ ፈቃድ ወይም ከተሰጠ ፈቃድ በላይ ወደ ኮምፒውተር ሥርዓት መግባትን እስከ 3 ዓመት ሊደርስ በሚችል ቀላል እስራት ያስቀጣል። ስለዚህ ጥያቄው ፈቃድ የት አለ የሚል ነው። በጨዋታው ውስጥ አለ፤ ገጾቹ እንዲሰበሩ የተሠሩ ናቸው። ፈቃድ ያለበት መለማመጃ ያላገኘ ተማሪ ፈቃድ በሌለበት ቦታ መሞከሩን ምንም አያግደውም፤ ደግሞም ያለ ፈቃድ የገባበት በር የማን እንደሆነ ላያውቅ ይችላል።

መጋቢት 6 ቀን 2016 ዓ.ም. ሌሊትና በማግሥቱ በኢትዮጵያ ንግድ ባንክ የተፈጠረው ነገር ከዚህ ጋር ይያያዛል። ባንኩ የሳይበር ጥቃት እንዳልነበረ፣ ምክንያቱ በራሱ ሥርዓት ላይ የተደረገ ማሻሻያ መሆኑን ገልጿል፤ በእነዚያ ሰዓታት ከ490 ሺህ በላይ ግብይቶች ተካሂደው 801 ሚሊዮን ብር ገደማ ያለአግባብ ወጥቷል ተብሏል። ወሬው በፍጥነት የተዛመተው በዩኒቨርሲቲ ግቢዎች ነበር፤ ዩኒቨርሲቲዎችም ተማሪዎቻቸው ገንዘቡን እንዲመልሱ ማስታወቂያ አወጡ። በዚያ ሌሊት የተሰራጨው መልእክት ከጨዋታው የኮድ ዝርዝር ጋር አንድ ዓይነት ነው፤ በሩ ለምን እንደተከፈተ ሳይጠየቅ ክፍት መሆኑ ብቻ ከእጅ ወደ እጅ ተላለፈ። ክፍተት ሲገኝ ለማን ይነገራል፣ በምን መልክ ይጻፋል፣ ባለቤቱ እስኪደፍነው ድረስ ምን ያህል ጊዜ ይጠበቃል የሚለው ጉዳይ በስብከት የሚያዝ አይደለም። በጨዋታው ውስጥ ግን ቦታ ሊሰጠው ይችላል፤ ተማሪው ኮዱን ካገኘ በኋላ ለገጹ ባለቤት የሚላክ የአንድ ገጽ ማመልከቻ ካልጻፈ የሚቀጥለው ደረጃ አይከፈትለትም። ለኮዱ ግማሽ ነጥብ፣ ለማመልከቻው ግማሽ ነጥብ ቢሰጥ አግባብ ነው።

የኢንፎርሜሽን መረብ ደኅንነት አስተዳደር በክረምት ወራት ለወጣቶች የሚሰጠው የሳይበር ተሰጥኦ ስልጠና ፍላጎቱ መኖሩን ያሳያል። ሆኖም የክረምት ስልጠና የሚደርሰው ተመርጠው ለሚገቡት ነው፤ የትምህርት ክፍል የሚሠራው ጨዋታ ለተመዘገበ ሁሉ ይደርሳል። ለመጀመሪያው ሴሚስተር አሥር ደረጃ ይበቃል። አራቱ በናታስ መንገድ፣ በምንጭ ጽሑፍ፣ በኩኪና በዳታቤዝ ጥያቄ ላይ ቢሠሩ፣ ሦስቱ በግዕዝ ቁጥርና ፊደል ላይ ቢመሠረቱ፣ የቀሩት ሦስቱ ባዶ ገጽ ሆነው ቁጥር ብቻ ቢሰጣቸውና የክፍሉ ተማሪዎች እስከ ሴሚስተሩ መጨረሻ ቢሞሏቸው ለሚቀጥለው ዓመት ክፍል መነሻ ይሆናል።